ቅጠሉና ዘሩ፦ በየጁ ምድር አእምሮ ይከፍታሉ የተባሉ ሁለት ነገሮች ታሪክ

በላተኛውን የሚለውጥ ምግብ፣ ማለትም የቀመሰውን ሰው እንቅልፍ የሚያስጥል፣ ያላየውን የሚያሳይ ወይም አንዴ የሰማውን እንዳይረሳ የሚያደርግ ጉርሻ፣ በየአገሩ ተረት ውስጥ የማይጠፋ ነገር ነው። ወልድያን፣ መርሳንና ሐብሩን በሚያቅፈው በጥንቱ የየጁ ምድርና በአካባቢው ግን እንዲህ ያለው ነገር ከተረት ወጥቶ በጓሮ የሚበቅል፣ የሚቀርብበት ሰዓት የታወቀ፣ የሚመርቀውም ሰው የተለየ ሆኖ ኖሯል። መልኩም ሁለት ነበር፤ አንደኛው በወዳጃ፣ ማለትም በወሎ ሙስሊሞች የጋራ የዱአ ጉባኤ ላይ የሚቀርበው ጫት ሲሆን፣ ሁለተኛው በቤተ ክርስቲያን ተማሪዎች ዘንድ በምስጢር ይወሰዳል የሚባለው፣ ከዘር የሚዘጋጀው አብሾ ነው። ሁለቱ በእምነትም፣ በጣዕምም፣ በሚያስከትሉት አደጋም እጅግ ይለያያሉ፤ ሆኖም ኃይሉ ከቅጠሉ ወይም ከዘሩ ብቻ ሳይሆን አብሮት ከሚደረሰው ጸሎት ነው የሚለው እምነት አንድ ያደርጋቸዋል። በዚህ ጽሑፍ የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር የተሰሉ ናቸው።

ወልድያ ከአዲስ አበባ በስተ ሰሜን 520 ኪሎ ሜትር ገደማ ርቃ የምትገኝ፣ የሰሜን ወሎ መናገሻ የሆነች ከተማ ስትሆን፣ የሐብሩ ወረዳ መቀመጫ የሆነችው መርሳ ከእርሷ በስተ ደቡብ 30 ኪሎ ሜትር ያህል ወርዳ በደሴው መንገድ ላይ ትገኛለች። ከወልድያ ወደ መርሳ የሚወርድ መንገደኛ ስሪንቃን ያልፋል፤ ከመርሳ ወዲያ ደግሞ ውርጌሳ ይጠብቀዋል። በስተ ምዕራብ ወደ ዋድላና ወደ ላስታ ደጋ የሚያወጣው ገደላማ ተራራ ቆሟል፤ በስተ ምሥራቅ ምድሩ በሐራ በኩል እየቆላ ሄዶ ከአፋር ሜዳ ጋር ይገጥማል። ማሽላውና ጤፉ በሜዳው፣ ፓፓያውና ብርቱካኑ በመስኖው ዳር የሚበቅሉበት ይህ ወይና ደጋ፣ ጫትም የሚወደው ዓይነት ምድር ነው፤ ተክሉ ከባሕር ወለል በላይ ከ1500 እስከ 2100 ሜትር ባለው ከፍታ፣ ውርጭ በማያገኘውና ውኃ በማይተኛበት አፈር ላይ ደህና ይሆናልና።

ስለ ጫት የተጻፈው የኢትዮጵያ ማስረጃ በዕድሜ የሚያንስ አይደለም። በ14ኛው ክፍለ ዘመን የነገሠው የዐፄ ዓምደ ጽዮን (1314–1344) ዜና መዋዕል፣ የይፋቱ ገዥ ሰብረዲን በ1332 ገደማ በንጉሡ ላይ በተነሣ ጊዜ ከዛታቸው ዛቻዎች መካከል የንጉሡን መቀመጫ ይዞ ሙስሊሞች የሚወዱትን ጫት እተክልበታለሁ ማለቱን ይተርካል። ዜና መዋዕሉን የጻፈው የንጉሡ ወገን በመሆኑ ቃሉ በትክክል የሰብረዲን ነው ብሎ መማል አይቻልም፤ ይሁን እንጂ ጸሐፊው ስለ ተክሉ ከዚህ የበለጠ ማብራሪያ ሳይጨምር ማለፉ፣ የቤተ መንግሥቱ አንባቢ ጫት ምን እንደ ሆነ አስቀድሞ ያውቅ እንደ ነበር ያስረዳል። ቤተ ክርስቲያንን አፍርሶ መስጊድ ከመሥራት ዛቻ ጎን የአንድ ቁጥቋጦ መተከል መቆጠሩ፣ ቅጠሉ ገና በዚያ ዘመን የሃይማኖት ድንበር ማመልከቻ ሆኖ እንደ ነበር ያሳያል።

በዚያው ዘመን በካይሮና በደማስቆ የሠራው የመምሉኮች ጸሐፊ ኢብን ፈድሉላህ አል ዑመሪ (1349 የሞተ)፣ ኢትዮጵያን በዓይኑ ሳያይ፣ ወደ ካይሮ ከመጡ የአገሩ ተወላጆች በሰማው ላይ ተመሥርቶ ስለ ይፋትና ስለ ጎረቤቶቹ የሙስሊም ግዛቶች ሲጽፍ፣ ስለ ጫት የሰጠው መግለጫ ስለ አንድ አስማታዊ ምግብ የተጻፈ ይመስላል። ቅጠሉ ልብን ደስ ያሰኛል፣ ማስተዋልንና ትዝታን ያበረታል፣ የምግብን፣ የእንቅልፍንና የሩካቤን ፍላጎት ይቀንሳል፤ ስለዚህም የአገሩ ሰው ሁሉ፣ ከሁሉም በላይ ደግሞ ዕውቀት ፈላጊዎችና ሌሊቱን ነቅተው ማደር ያለባቸው ሰዎች፣ ይወዱታል ይላል። በዚህ ላይ የየመኑን ንጉሥ አል ሙአየድ ዳውድን ወግ ያክላል፤ ንጉሡ ጫትን በአገሩ ለማስተከል ከወደደ በኋላ፣ መብላትን፣ መጠጣትንና ሴትን እንደሚያስጠላ በነገሩት ጊዜ፣ ከእነዚህ ሦስቱ ሌላ በዓለም ምን ደስታ አለና ነው የምበላው ብሎ ሐሳቡን ለወጠ። ተድላ ለለመደ ንጉሥ ጉድለት የሆነው ያው ጠባይ ሌሊቱን በዚክር፣ ማለትም የፈጣሪን ስም ደጋግሞ በመጥራት፣ ለሚያሳልፍ ደረሳ፣ ማለትም ለሃይማኖት ተማሪ፣ ትልቅ ጸጋ ነበር፤ የወሎም ሼኾች ከተክሉ የወደዱት ይህንኑ ነው።

የየጁ ሙስሊምነት ከዚህ ተክል ታሪክ ጋር የተጋመደው በተለይ ከ18ኛው ክፍለ ዘመን ወዲህ ነው። በዘመነ መሳፍንት ጎንደርን በእንደራሴነት የገዙት፣ ከታላቁ ራስ ዓሊ ጀምሮ ዳግማዊ ራስ ዓሊ በ1853 በአይሻል እስከ ተሸነፉበት ቀን ድረስ ሥልጣን ላይ የቆዩት የወረ ሼህ መሳፍንት ከዚሁ ምድር የወጡ ናቸው፤ የቤተሰቡ ስም ራሱ የሼህ ልጆች ማለት ሲሆን፣ ሥልጣን ይዘው ክርስትናን ከተቀበሉ በኋላም ጠላቶቻቸው በእስልምና ሥራቸው ሲነቅፏቸው ኖረዋል። ገዥዎቹ ወደ ደብረ ታቦር ሲሄዱ አገራቸው ግን የሱፊ መምህራን ማዕከል ሆኖ ቀረ። ሱፊነት በዚክርና በተመስጦ ወደ ፈጣሪ መቅረብን የሚያስተምር የእስልምና መንገድ ነው። በደቡብ ወሎ ሼህ መሐመድ ሻፊ (1743 የተወለዱ) ጀማ ንጉሥ የተባለውን የሱፊ ማዕከል መሠረቱ፤ በ1882 ያረፉት ሼህ ጀማሉዲን አል አንኒ ቃዲሪያ የተባለውን የሱፊ መንገድ በሰሜኑ ወሎ አስፋፉ፤ በየጁ ያለው ዳና በ1903 ባረፉት በሼህ አሕመድ ዘመን የትምህርትና የዚያራ፣ ማለትም የጉብኝትና የበረከት ፍለጋ፣ ስፍራ ሆኖ ታወቀ። መርሳም እስከ ዛሬ በዘፈንና በወግ መርሳ አባ ጌትዬ እየተባለች ከቅዱስ ስፍራዋ ስም ጋር ትጠራለች። በእነዚህ ስፍራዎች ሁሉ ጫትና ቡና ለእንግዳ ከሚቀርብ መስተንግዶ በላይ ነበሩ፤ ለሌሊቱ ዱአ እንደ መብራት ያህል ያስፈልጉ ነበር።

ሥርዓቱ ራሱ ወዳጃ ይባላል። ቃሉ ለአማርኛ ሰሚ ወዳጅነትን ቢያስታውሰውም ከኦሮምኛ የመጣ ነው ተብሎ ይታሰባል፤ ይህም ከ16ኛው ክፍለ ዘመን ወዲህ በየጁና በወሎ ከሠፈሩት ኦሮሞዎች ጥንታዊ የጋራ ጸሎት የተረፈ ቅርስ መሆኑን የሚያመለክት ሲሆን፣ የሴቶች ወዳጃ መሪዎች የሚጠሩበት ዱበርቲ የሚለው ስምም በኦሮምኛ ሴቶች ማለት ነው። ወዳጃ የሚጠራው ሰው ሲታመም፣ ዝናም ሲዘገይ፣ ነፍሰ ጡር መውለጃዋ ሲደርስ፣ ልጅ ሩቅ አገር ሲሄድ፣ ወይም የተሳለ ሰው ስለቱ ሲደርስለት ነው። ቤቱ ይጎዘጎዛል፤ ዕጣን ይጨሳል፤ ሲኒው ይደረደራል፤ ሰደቃ፣ ማለትም በፈጣሪ ስም የሚቀርብ ምግብ፣ ይዘጋጃል። ጫቱ በመካከል ይቀመጣል እንጂ ማንም ተነሥቶ አይቀጥፍም፤ አስቀድሞ የዱአ አባት እጁን ዘርግቶ ይመርቀዋል፣ ጉባኤውም አሚን ይላል፤ ከዚያ በኋላ አባት ራሱ የመጀመሪያውን ቅርንጫፍ ይወስድና ለታላላቆች፣ ከእነርሱም ለታናናሾች፣ ጀባ እየተባለ ይታደላል። ጀባ የሚለው ቃል መስጠትንና መመረቅን ባንድነት የያዘ በመሆኑ፣ ተቀባዩ የሚቀበለው ቅጠል ብቻ ሳይሆን በቅጠሉ ላይ ያረፈውን ቃል ጭምር ነው።

ከዚህ በኋላ የሚሆነው በየቤቱ ይለያያል። በአንዳንዱ ጉባኤ ምርቃቱ ረጅም ነው፤ ዝናሙን፣ ከብቱን፣ ማሽላውን፣ መሐኗን፣ መንገደኛውንና ሟቹን በየተራ እየጠራ ይሄዳል፣ እያንዳንዱም ሐሳብ በአሚን ይዘጋል። በሌላው ድቤ ይመታል፣ ነቢዩንና አውልያዎችን የሚያወድስ ግጥም፣ ማለትም መንዙማ፣ አንዱ እያወጣ ሌላው ይቀበላል፤ አውልያ ማለት ለፈጣሪ የቀረቡ ቅዱሳን ናቸው። ታማሚ ካለ አባት ያኘከውን ቅጠል እርጥበት እንትፍ ይልበታል፤ በዚህ ቅጽበት ጫቱ ከመብል ወደ መድኃኒት፣ ከመድኃኒትም ወደ በረከት ተሸጋግሯል። ቡናውም አቦል፣ ቶና፣ በረካ እየተባለ ሦስት ጊዜ ሲቀዳ በየመሐሉ ዱአ አለው። ቅጠሉን ካኘኩ ከጊዜ በኋላ የሚመጣው ንቃት፣ የቃል መፍታታትና የልብ መቅለል ምርቃና ይባላል፤ ምርቃት ከሚለው ቃል ጋር ያለው የድምፅ ቅርበትም ለወሎ ሰው ጆሮ ትርጉሙን አጥልቆታል፤ የመረቀነ ሰው ዱአው የሚሰምር ሰው ነው ይባል ነበርና።

እዚህ ላይ ጥንታዊው የተክሉ ተረት የሚናገረው ነገር ሊታለፍ አይገባም። በሐረርና በየመን የሚነገረው ታሪክ ፍየሎቹ ያልተለመደ ቅጠል በልተው ሲፈነጩ ያየ እረኛ ራሱ ቀምሶ ሌሊቱን ሳይተኛ በጸሎት እንዳደረ ይተርካል፤ የከፋ ቡናም በተመሳሳይ ተረት ይታወቃል። የሁለቱም ተረቶች ፍሬ ነገር አንድ ነው፤ ተክሉ የተገኘው ለደስታ ሳይሆን ለትጋት ነው የሚል። ሁሉም ግን በዚህ አልተስማማም። በ16ኛው ክፍለ ዘመን በመካ ያስተማረው ታላቁ የሕግ ሊቅ ኢብን ሐጀር አል ሀይተሚ (1567 የሞተ) ከየመን በደረሱት ጥያቄዎች ምክንያት ስለ ጫት ባዘጋጀው ድርሰት፣ አንዱ ምስክር ይጠቅማል ሲል ሌላው ያደርቃል፣ ያሳብዳል ማለቱን አይቶ፣ ውጤቱ እንደ ሰው ጠባይ የሚለያይ መሆኑን በመገመት፣ ሐራም ነው ብሎ ሳይቆርጥ መራቅ እንደሚሻል መክሯል። ከአራት መቶ ዓመት በኋላ የተነሡ ሐኪሞችም ስለ ምርቃና ከዚህ እጅግ የራቀ ነገር አልተናገሩም።

በ19ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ ይህ ሥርዓት በፖለቲካ ተፈተነ። ዐፄ ዮሐንስ አራተኛ በ1878 በደሴ አቅራቢያ በምትገኘው በቦሩ ሜዳ ጉባኤ የወሎ ሙስሊሞች እንዲጠመቁ ካዘዙ በኋላ፣ የወሎው ገዥ ኢማም መሐመድ ዓሊ ተጠምቀው ሚካኤል ተባሉና ራስ ሆኑ፤ እንደ ሼህ ጠልሓ ያሉት ደግሞ ዐመፁ። በዚህ ዘመን አንድ ሰው በአፉ ከተናገረው ይልቅ በአፉ ያስገባው ነገር ይመሰክርበት ነበር፤ የታረደው ሥጋ በማን እጅ እንደ ታረደ፣ ቡና ይጠጣ እንደ ሆነ፣ ጫት ይቅም እንደ ሆነ፣ ሃይማኖቱን የሚገልጡ ምልክቶች ነበሩ። ስለዚህ ተጠምቀውም ሌሊት በቤታቸው ዱአ የሚያደርጉ ሰዎች ወዳጃውን ይዘው የቆዩት ሥርዓቱ መስጊድና ሚናራ የማይሻ፣ ምንጣፍና ረከቦት ብቻ የሚበቃው በመሆኑ ጭምር ነው ማለት ይቻላል። ቡና በዚህ ምልክትነቱ ብዙ አልቆየም፤ ዐፄ ምኒልክ ራሳቸው ስለ ጠጡትና አቡነ ማቴዎስም የካህናቱን ጥላቻ ስላለዘቡት፣ ገና በ1880ዎቹ በክርስቲያኑም ዘንድ በፍጥነት ተስፋፋ። ጫት ግን ወደ ክርስቲያኑ ቤት የገባው ብዙ ቆይቶ፣ ያውም ያለ ዱአው ነው።

ከገደሉ በላይ፣ በዋድላና በላስታ ደጋ፣ ሌላ ዓይነት ትጋት ነበር። ዋድላ ከጎንጅና ከዋሸራ ጋር የሚቆጠር የቅኔ ስልት የወጣበት አገር ነው፤ ከየአውራጃው የሚመጡ የቆሎ ተማሪዎች አኮፋዳ አንግተው ቁራሽ እየለመኑ፣ ዳዊቱን፣ ድጓውንና ቅኔውን ያለ መጽሐፍ በቃል ለመያዝ ዓመታት የሚፈጁበት ትምህርት ነበር። የድጓ ተማሪ ሊሸከመው የሚገባው ዜማና ቃል ብዛት ለሚያስብ ሰው፣ አንድ ጊዜ ጠጥቶ ሁሉን የመያዝ ምኞት ከየት እንደ መጣ ግልጽ ነው። ይህን ምኞት የሚሞላው መድኃኒት አብሾ ይባላል። አብሾ የሚዘጋጀው አስተናግር ወይም ዕፀ ፋሪስ ከሚባለው፣ በየቆሻሻው ዳርና በየፈረሰው ቤት ከሚበቅለው፣ ነጭ ጥሩምባ መሰል አበባና እሾኻማ ፍሬ ካለው ተክል ዘር ነው። አስተናግር የሚለው ስም ራሱ ያናግራል፣ ያስለፈልፋል ማለት ሲሆን፣ መርዙን የቀመሰ ሰው የሚሆነውን ሁሉ በአንድ ቃል ይዟል።

በልማዱ መሠረት አብሾን ማንም ሰው በዘፈቀደ አይሰጥም፤ የሚያውቅ ደብተራ ወይም መምህር መጥኖ፣ ድጋምና ጸሎት አክሎ፣ ተማሪውን ከሰው ለይቶ ያጠጣዋል ይባላል፤ ካለፈ አእምሮው ይከፈታል፣ ካላለፈ ያብዳል። በዚህም አብሾ ከወዳጃው ጫት ጋር ይመሳሰላል፤ ዘሩ በር ይከፍት ይሆናል እንጂ የሚያስገባው ጸሎቱ ነው። ይሁን እንጂ ንጽጽሩን ከዚህ በላይ መግፋት ስሕተት ነው። ጫት በጉባኤ መካከል፣ በአባት ፊት፣ ለሕፃን እንኳ በሚታይ ሥርዓት የሚቀርብ ሲሆን፣ አብሾ ግን የምስጢር ነገር ነው፤ ቤተ ክርስቲያንም እንደ ሥርዓቷ አታውቀውም፣ ብዙ መምህራንም እንደ ጥንቆላ ይጠሉታል። ሌላም ነገር አለ፤ ይህ ተክል በዕፅዋት ሊቃውንት ዘንድ የአሜሪካ ምድር ተወላጅ ነው የሚባል በመሆኑ፣ ወደ አፍሪካ ሊደርስ የሚችለው ከ1500 ወዲህ ነው። ከቅዱስ ያሬድ ዘመን ጀምሮ የወረደ ጥበብ እየተባለ የሚነገርለት ነገር እንግዲህ ከግራኝ ጦርነት ብዙም አይቀድምም።

የዘመኑ ሳይንስ ሁለቱን በግልጽ ለይቷቸዋል። የጫት ዋና ኃይል ካቲኖን የሚባለው ንጥረ ነገር ሲሆን፣ በ1975 ከትኩስ ቅጠል ተለይቶ ታውቋል፤ አንጎልን የሚያነቃውና የምግብን ፍላጎት የሚቀንሰው እርሱ ነው፤ ቅጠሉ ሲጠወልግም በሁለት ቀን ገደማ ወደ ደከመው ወደ ካቲን ይለወጣል። የአስተናግር ዘር ግን አትሮፒንና ስኮፖላሚን የሚባሉ መርዞችን ይዟል፤ እነዚህም አፍን ያደርቃሉ፣ የዓይን ብሌንን ያሰፋሉ፣ ልብን ያስሮጣሉ፣ የሌለውን ያሳያሉ፣ ትዝታንም ከማበርታት ይልቅ ያጠፋሉ። የመርዙ መጠን ከተክል ተክል፣ ከፍሬ ፍሬ ስለሚለያይ በዘር ቁጥር መመጠን አይቻልም፤ ያብዳል የሚለው የልማዱ ማስጠንቀቂያ ከተስፋው ይልቅ የታመነ ነበር። ዕድሜ ልኩን ቅኔ የተቀኘ መምህር አብሾ ጠጥቶ ነው መባሉ፣ በእውነቱ የሌሊቱን ጥናትና የዓመታቱን ረኀብ የሚሸፍን ጨዋ ወሬ ሳይሆን አይቀርም።

የካቲኖን ቶሎ መድከም ግን ለየጁ ታሪክ ከኬሚስትሪ በላይ ነው። መኪና ባልነበረበት ዘመን ቅጠሉ በአንድ ቀን መንገድ ውስጥ ብቻ የሚበላ የአካባቢ ነገር ሆኖ ኖረ፤ የዳና ወዳጃ የዳናን ጫት፣ የመርሳ ወዳጃ የመርሳን ጫት ይመርቅ ነበር። ጣሊያኖች በ1936 አገሩን ይዘው እስከ 1941 በቆዩበት ዘመን ያሠሩት፣ ከአዲስ አበባ በደሴና በወልድያ አድርጎ ወደ አሥመራ የሚወጣው የመኪና መንገድ ይህን ቋጠሮ ፈታው። ጠዋት በሐብሩ ጓሮ የተቀነጠሰ፣ በእርጥብ ቅጠል ተጠቅልሎ በክር የታሰረ ጫት፣ ሳይጠወልግ ከቀትር በፊት ወልድያና ደሴ መድረስ ቻለ፤ የሚደርሰውም በዱአ አባት እጅ ሳይሆን በነጋዴ እጅ ነበር።

ከዚህ ወዲህ ያለውን ለውጥ ከሁሉ በላይ የሚያሳየው ቋንቋው ነው። የወዳጃው ቃላት ምርቃት፣ አሚን፣ ጀባና በረካ ነበሩ፤ የገበያውና የመቃሚያ ቤቱ ቃላት ግን ሌሎች ናቸው። ዙርባ የታሰረው እስር ነው፤ ገራባ ከተመረጠ በኋላ የሚጣለው ወይም ድኻ የሚለቅመው ቅጠል ነው፤ ሀራራ ሰዓቱ ሲደርስ የሚያፋጅ ፍላጎት ነው፤ ጨብሲ ምርቃናውን ለመስበር የሚጠጣው መጠጥ ሲሆን፣ ይህን የጥንት ሼህ ቢሰማ ይዘገንነው ነበር፤ ዱካክ ደግሞ ሌሊት የሚጫን ቅዠት ነው። ከእነዚህ ቃላት አንዱም ስለ መራቂ አይናገርም። ምርቃና የሚለው ቃል በሁለቱም ዓለም ቀርቷል፤ እርሱም አሁን የዱአን መሳካት ሳይሆን፣ የሾፌርን፣ የተማሪንና ሥራ ፈት ወጣትን ስሜት ይጠራል።

ወዳጃው በሌላም በኩል ተከራካሪ አገኘ። በ20ኛው ክፍለ ዘመን ሁለተኛ አጋማሽ በዐረብ አገሮች ተምረው የተመለሱ መምህራን የመቃብር ዚያራን፣ ድቤንና ጫትን ከእስልምና ውጭ የሆነ ፈጠራ ነው እያሉ አስተማሩ፤ በብዙ ቤቶች ወጣቱ ወደ መስጊዱ ሲሄድ አያቱ ምንጣፏን ማንጠፍ ቀጠለች። በዚህ ክርክር ውስጥ የሚገርመው ነገር ለወዳጃው የሚከራከሩትም ሆኑ የሚቃወሙት ሰዎች ስለ ቅጠሉ ጠባይ ብዙ አለመናገራቸው ነው፤ ክርክሩ በአመዛኙ በመራቂው ላይ ነው፣ ማለትም ሰው ለሰው በረከት ማስተላለፍ ይችላል ወይስ አይችልም በሚለው ላይ።

ዛሬ በመርሳ መንገድ ዳር እሽጉ ተደርድሮ ተሽከርካሪ ይጠብቃል፤ ወልድያ የሚደርሰው ጫትም ከሰዓት በኋላ በየመቃሚያው ይበተናል። አብሾ ከተማሪ ቤት ወጥቶ ስድብ ሆኗል፤ አንድ ጠርሙስ ቀምሶ ወንበር የሚያነሣ ሰው አብሾ አለበት ይባላል፣ ዘሩ ምን እንደሆነ የሚያውቅ ግን ጥቂት ነው። የሐብሩ ሴቶች ወዳጃ በሚያደርጉበት ቤት ግን ዱበርቲዋ እጇን እስክትዘረጋ ድረስ ጫቱን የሚነካ የለም፤ የማይቅሙት ክርስቲያን ጎረቤቶችም ቡናቸውን ይዘው ከበሩ በኩል ተቀምጠው አሜን ይላሉ።